አጥንት የሌለው ዓሣ

በዚያ ግቢ ውስጥ ዓሣን ከነሕይወቱ ያየሁት እኔ ብቻ ነበርኩ። ጥፋቴም የጀመረው ከዚሁ ነው።

ያደግሁት ጣና ዳር፣ ከጎርጎራ ብዙም ሳይርቅ ነው። አባቴ አራሽ እንጂ ዓሣ አጥማጅ አልነበረም። ቢሆንም ሐይቅ ዳር ያደገ ልጅ ቀረሶን ከአምባዛ ለመለየት አስተማሪ አያስፈልገውም። ጣሊያን ወጥቶ መንግሥት ሲመለስ ባለቤቴ መቀሌ ላይ ጸሐፊ ሆኖ ተመደበና በተጋባን በሁለተኛው ዓመት ተከትዬው ሄድኩ።

የደረስነው በዚያ አገር በመንግሥት ላይ የተነሣው ዓመፅ በተመታ ማግሥት ነው። አውሮፕላን ቦምብ የጣለበት ቀን ገና ከሰው አፍ አልወጣም ነበር። ሰው ሰውን በጎን ያያል። አንድ እንግዳ ፊት ሲታይ ከየት መጣ፣ ማን ላከው፣ ምን ሊያይ ነው ይባላል። እኔ ደግሞ የመንግሥት ጸሐፊ ሚስት ነኝ፤ ያውም ትግርኛዬ ገና እንደ ሕፃን እግር የሚወላገድ። ውኃ ልቀዳ ስሄድ ሴቶቹ ወሬያቸውን ቀጥ ያደርጋሉ። እንስራዬን ተሸክሜ ዘወር ስል ይቀጥላሉ።

የተከራየነው ከገበያው በላይ ባለው ሰፈር፣ በድንጋይ አጥር የተከበበ ግቢ ውስጥ ነበር። አከራያችን ባላቸው የሞቱባቸው፣ ረጅም፣ ቀጥ ብለው የሚሄዱ ሴት ናቸው። ሰፈሩ ሁሉ «አደይ» ይላቸዋል፤ እናቴ እንደ ማለት ነው። እኔም አደይ አልኳቸው። እሳቸው «ጓለይ» ይሉኛል፤ ልጄ ማለታቸው ነው። ግን የጎተራቸውን ቁልፍ ከወገባቸው ፈትተው አያውቁም፤ እኔ ስገባ እጃቸው ወደ ቁልፉ ትሄድ ነበር።

ሰውየው የመጣው በአንድ የጭነት መኪና ላይ ከጆንያ ጋር ተጭኖ ነው። መኪናው ሰፈሩ ጫፍ ላይ አወረደውና ሄደ። ጥቁር፣ ቀጭን፣ ትከሻው ሰፊ ሰው ነበር፤ ግራ እግሩን ይጎትታል። በአንድ እጁ ጥቅል ሰሌን፣ በሌላው በገመድ የታሰረ የእንጨት ሣጥን ይዟል። ሣጥኑ ይሸታል። የምን ሽታ እንደሆነ ለመናገር ቸገረኝ፤ የቆየ ቅባትና የጨው ሽታ ይመስላል።

አደይ በበሩ አጠገብ ያለችውን፣ ቀድሞ ጭድ ይከማችባት የነበረችውን ክፍል አከራዩት። ሙስሊም መሆኑን ሲነግራቸው «ታዲያ ምን አለበት፤ ጎረቤቶቼ ግማሹ ሙስሊም አይደሉም ወይ» አሉ። ሥራው ገመድ መግመድና የተቀደደ ጆንያ መስፋት ነው። ጨው የሚያመጡት ባለ ግመሎች ገመድ ያልቅባቸዋልና ሥራ አላጣም። ጧት ሄዶ ማታ ሳይመሽ ይገባል፤ በሩን ይዘጋል። ከምጽዋ ማዶ ካሉት ደሴቶች እንደመጣ ከመናገሩ በቀር ስለራሱ ያወራው ነገር አልነበረም።

በሦስተኛው ቀን ይመስለኛል፣ በሩ ላይ ተቀምጦ እግሩን ሲታጠብ አደይና እኔ አየነው። ባቱ ላይ ከፊትም ከኋላም ጨረቃ የመሰለ ጠባሳ አለ፤ በክቡ ላይ ጉድጓድ ጉድጓድ ያለ ነው። ከባቱ ሥጋ አንድ ጭብጥ ያህል ጎድሏል።

«ውይ ወደይ፣ ልጄ! ጅብ ነው?» አሉት አደይ።

«አይደለም። ዓሣ ነው» አለ።

አደይ ወደ እኔ ዞሩ። ስለ ጣና ብዙ ጊዜ አውርቼላቸው ነበር። «ዓሣ ሰው ይነክሳል?»

እኔም ሳላስብ ሳቅሁ። «ኧረ አደይ! ዓሣ እኮ ይህችን ታህል ናት» ብዬ ክንዴን አሳየኋቸው። «እሷ ሰውን ትሸሻለች እንጂ!»

ሰውየው ቀና ብሎ አየኝ። የውኃውን ጣሳ አንሥቶ ገባና በሩን ዘጋው።

በማግሥቱ ውኃ ልቀዳ ስወርድ ሴቶቹ ጠበቁኝ። እውነት ነው የምላችሁ፣ ቦታ ለቀውልኝ ድንጋይ ላይ አስቀመጡኝ። «አንቺ ዓሣ ታውቂያለሽ አሉ። ያ ሰው ያለው ይሆናል?» አይሆንም አልኳቸው። ዓሣ እንዴት እንደሚያዝ፣ ምን እንደሚበላ፣ አጥንቱ እንዴት ጉሮሮ እንደሚወጋ አወራሁ። ለመጀመሪያ ጊዜ ሰው አዳመጠኝ። ወደ ቤት ስመለስ እንስራው እንኳ አልከበደኝም።

ከዚያ ወዲያ ጥያቄው ዓሣ ነክሶት ይሆን ወይ የሚለው መሆኑ ቀረ። ምን ደብቆ ነው የሚዋሸው ሆነ። አንዷ የሌባ ምልክት ነው፣ የጣሊያን ዘበኛ ውሻ ነክሶት ነው አለች። ሌላዋ በሽፍትነት ሳለ የተመታው ጥይት ነው አለች። ባለቤቴ ከመሥሪያ ቤት ሲመለስ ነገሩን ስነግረው ድምፁን ዝቅ አድርጎ «ጆሮ ጠቢ ይሆናል፤ አንድ ቀን እንኳ ስለ ወሬ ሲጠይቅ ሰምተሽው ታውቂያለሽ?» አለኝ። አልሰማሁም። «እሱ ነው እንግዲህ» አለ፤ «የማይጠይቅ ሰው የሚያዳምጥ ነው።» ዛሬ ሳስበው ያስቀኛል፤ ቢጠይቅም ጆሮ ጠቢ ነበር የምንለው።

እኔም መጠበቅ ጀመርኩ። ስንት ሰዓት ይወጣል፣ ስንት ሰዓት ይገባል፣ ማን ይጠራዋል። ማንም አይጠራውም። አንድ ቀን እኩለ ቀን ላይ አደይ ቤተ ክርስቲያን ሄደው ግቢው ጭር እንዳለ፣ የበሩ ሳንቃ ስንጥቅ ላይ ዓይኔን አሳረፍኩ። ሰሌኑ ላይ ተቀምጦ ከጠርሙስ ቢጫ ዘይት እያፈሰሰ እግሩን ያሻል። ሽታው እስከ እኔ ደረሰ። አጠገቡ ሣጥኑ ተከፍቷል። ውስጡ ነጭ ነገር አለ፤ እንደ ትልቅ ቀለበት የተከፈተ መንጋጋ ነው። የሕፃን ራስ ያሳልፋል። ጥርሱ እንደ ጦር ጫፍ የሾለ ነው። ከመጀመሪያው ረድፍ ኋላ ሌላ ረድፍ ተኝቷል፤ ከእሱም ኋላ ሌላ አለ።

ወደ ቤቴ ገብቼ በሩን ዘጋሁ። የጅብ መንጋጋ አይቻለሁ፤ የጅብ አይደለም። የማውቀው ፍጥረት ሁሉ ጥርሱ አንድ ረድፍ ነው። አደይ ሲመለሱ ስንጥቁ ላይ መቆሜን ዘልዬ ያየሁትን ብቻ ነገርኳቸው። አደይ አማተቡ። «መተት ነው» አሉ። እስከ ማታ ሰፈሩ ሁሉ ሰማ።

እሑድ ከቅዳሴ በኋላ ሦስት ሽማግሌዎች መጥተው ግቢው መሐል ተቀመጡ። ባለቤቴም ነበረ። ሰውየውን ጠሩትና ሣጥኑን እንዲያወጣ ጠየቁት። አልተከራከረም። እየጎተተ አመጣው፤ ገመዱን ፈታ። መንጋጋው፣ አንድ የደረቀ ግራጫ ቆዳ፣ የዘይቱ ጠርሙስ፣ አንድ ቢላዋ፤ ሌላ አልነበረም።

በዕድሜ የገፉት ሽማግሌ በዘንጋቸው መንጋጋውን ነካ አደረጉት። «ይህ ምንድን ነው?»

«ከልቢ ባሕሪ ነው አቦይ» አለ። በትግርኛ የባሕር ውሻ ማለት ነው። ሻርክ የሚባለውን ስም የሰማሁት ከብዙ ዓመት በኋላ ነው።

«ለአደይ ዓሣ ነው አልክ። አሁን ውሻ ነው ትላለህ?»

«ዓሣ ነው። ስሙ ነው ውሻ።»

አንዱ ሽማግሌ ሳቃቸውን በነጠላቸው ሸፈኑ። በዕድሜ የገፉት ግን አልሳቁም። «ዓሣ ለምትለው አዋቂ አለችን» ብለው ወደ እኔ ጠቆሙ። «ጓለይ፣ ጠይቂው።»

የሰፈሩ ሽማግሌዎች እኔን፣ የትናንት መጤዋን፣ ጠይቂ አሉኝ። ነጠላዬን አስተካክዬ ቆምኩ።

«የዓሣ አጥንት ቀጭን ነው፣ እንደ መርፌ» አልኩ። «የዚህኛው አጥንት የታለ?»

«አጥንት የለውም» አለ። ንግግሩ ግማሽ ትግርኛ፣ ግማሽ ምጽዋ ወደብ ላይ ከሸዋ ሰዎች የለቀመው አማርኛ ነው። «ሁለመናው እንደ ጆሮ ነው።» የራሱን ጆሮ ይዞ አጠፈው። «ይህም መንጋጋ አጥንት አይደለም። እንደ ጆሮ የሚታጠፍ ነበር፤ ደርቆ ነው የጠነከረው።»

«ዓሣ ቅርፊት አለው።»

«ይህ የለውም። ቆዳውን ዳስሱት። ከራስ ወደ ጅራት ልስልስ ነው፤ ከጅራት ወደ ራስ ግን ያደማል። መርከብ የሚሠሩ ሰዎች እንጨት ያለሰልሱበታል።»

ቆዳውን የዳሰሰ ግን አልነበረም።

«ዓሣ እንቁላል ይጥላል» አልኩ።

«ከእነሱ የሚጥል አለ። የሚወልድም አለ። ሆዷን ስንቀድ ግልገሎቿ ከነሕይወታቸው ሲወጡ በእጄ ይዣለሁ። ገና ከእናታቸው ሆድ ሳይወጡ ይነክሳሉ።»

ግቢው ጉርምርም አለ። አጥንት የሌለው፣ ቅርፊት የሌለው፣ የሚወልድ ዓሣ! እኔም በድል አድራጊነት ወደ ባለቤቴ አየሁ።

«ጥርሱስ?» አሉ ሽማግሌው።

«ይረግፋል። በረገፈ ቁጥር ከኋላ ያለው ወደ ፊት መጥቶ ይተካል። ዕድሜውን ሙሉ እንዲሁ ነው፤ ጥርስ አልቆበት አያረጅም።»

«እግዚአብሔር ለሰው ያልሰጠውን ለዓሣ ሰጠው?» አሉ አደይ።

«እና ይህ አውሬ እግርህን ያዘ» አሉ ሽማግሌው፤ «ታዲያ ለምን አልበላህም?»

ሰውየው እጁን ባቱ ላይ አሳረፈ። «ሰው መብላት አይወድም። እጅ የለውም፤ የማያውቀውን ነገር በአፉ ነው የሚዳስሰው። ቀመሰኝና ተወኝ።»

በዚህ ጊዜ ሁሉም ሳቁ። አንበሳ ይዞ ይተዋል? ጅብ ቀምሶ ይተዋል? ሽማግሌው እጃቸውን አንሥተው ዝም አሰኙ። «ልጄ» አሉት፤ «ከየት እንደመጣህ፣ ምን እንደሆንክ ብትነግረን ይሻልህ ነበር። ይህን ጥርስ ይዘህ እናቶች መሐል አትኖርም። እስከ ነገ ሳምንት፣ እስከ ሰኞ ገበያ ሌላ ቤት ፈልግ።»

«ለምን ደበቅኸው?» ስትል አንዲት ጎረቤት ከአጥሩ ላይ ጮኸች።

«የመጣሁ ዕለት ላሳያችሁ ነበር» አለ እሱ። «ሰው ስለማያምነኝ ነው ተሸክሜው የምዞረው። ግን ሳላወጣው ሳቃችሁ።» ይህን ሲል ያየው እኔን ነበር።

ያን ቀን ያልተናገርኩት አንድ ነገር አለ። የጣና አምባዛ ቅርፊት የለውም። ቆዳው እንደ እርጥብ ጨርቅ ነው፤ ልጅ ሳለሁ ስንቴ ከእጄ አምልጦኛል። ቅርፊት የሌለው ዓሣ እንዳለ ከማንም በላይ አውቅ ነበር። «ዓሣ ቅርፊት አለው» ብዬ ስናገር ምላሴ ላይ አምባዛው መጥቶ ነበር፤ ዋጥኩት።

ዓርብ ዕለት ሰውየው ሥራ አልሄደም። አደይ የጌሾ ቅጠል ሊያመጡ ኩሓ መንደር ወዳለችው እኅታቸው ሄደዋል፤ ባለቤቴ መሥሪያ ቤት ነው። ረፋዱ ላይ ከዚያች ክፍል ማቃሰት ሰማሁ። መጀመሪያ አላመንኩትም። ሊያስገባኝ ነው፣ ከገባሁ በኋላ ምን እንደሚያደርገኝ ማን ያውቃል አልኩ። ማቃሰቱ ቆመ። ዝምታው ይበልጥ አስፈራኝ። የእሳት መቆስቆሻዬን ይዤ ሄጄ በሩን ገፋሁት።

ሰሌኑ ላይ ተጋድሞ ላብ አጥምቆታል። ባቱ አብጦ ቆዳው ያብረቀርቃል፤ ከጠባሳው ሥር አንድ እብጠት ወጥቷል። በእጄ ያለውን ብረት አየና ዓይኑን ጨፈነ።

«ውኃ ሓፍተይ» አለ። እኅቴ ማለቱ ነው።

ብረቱን በር ላይ ጥዬ ውኃ አመጣሁ። ጣሳውን ተቀብሎ ወደ አፍንጫው አስጠግቶ አሸተተው። ያኔ ነው የገባኝ፤ እኔ እሱን እንደምጠረጥር እሱም እኔን ይጠረጥራል። ከዚያ ጠጣ። የሚያደርገው ቢያጣ ነው የጠጣው።

ጎረቤቶቹን ብጠራ አልመጡም። አንዷ ከበሯ ላይ ሆና «መተቱ ዞሮበት ነው፤ አትንኪው» አለችኝ። ወደ መንገድ ወጥቼ ጨው አራግፎ የሚመለስ አንድ ባለ አህያ ለመንኩ። ሁለታችን ደግፈን አህያዋ ላይ አወጣነውና ጣሊያኖች ትተውት በሄዱት ክሊኒክ ወዳለው ቁስል አካሚ፣ ወደ ድሬሰሩ ወሰድነው። መንገዱን ሙሉ ባለ አህያው ምን እንደነከሰው ይጠይቀኛል። «አላውቅም» እላለሁ።

ድሬሰሩ ዕድሜው የገፋ፣ ቁጡ ሰው ነበር። እብጠቱን በጣቱ ጫን ጫን አድርጎ «ውስጡ ነገር አለ፤ የቆየ ነገር ነው» አለና ገበቴ አስያዘኝ። ሰውየው የሰሌን ቁራጭ ነክሶ ፊቱን ወደ ግድግዳ አዞረ። ድሬሰሩ ሲከፍተው መግሉ ፈሰሰ። ከዚያ ወረንጦውን አስገብቶ ነካካ፤ ድንጋይ እንደነካ ሁሉ ቀጭ አለ። ጎትቶ አወጣውና ገበቴው ውስጥ ጣለው።

ውኃ አፈሰስኩበት። ከጥፍሬ ትንሽ የሚበልጥ፣ ባለ ሦስት ማዕዘን፣ ነጭ ስባሪ ነው። አንሥቼ ጠርዙን በጣቴ ስዳስሰው እንደ መጋዝ ጥቃቅን ጥርስ አለው። ያን ጥርስ አውቀዋለሁ። ግቢው መሐል፣ ፀሐይ ላይ፣ ረድፍ በረድፍ ተደርድሮ አይቼዋለሁ።

«የምን ጥርስ ነው ይሄ?» አለ ድሬሰሩ። «በሕይወቴ እንዲህ ያለ አይቼ አላውቅም።»

ሰውየው ከግድግዳው ሳይዞር «ዓሣ ነው» አለ።

«እሺ ዓሣ ነው» አለ ድሬሰሩ፤ ነጭ ዱቄት መድኃኒት ነሰነሰበትና ማሰር ጀመረ። እንዲህ በቀላሉ አመነው።

ሰውየው ስድስት ቀን ክሊኒኩ ውስጥ ተኛ። ስባሪውን እኔ በነጠላዬ ጫፍ ቋጥሬ ይዤዋለሁ። ቅዳሜ፣ እሑድ፣ ሰኞ አለፉ፤ ለማንም አላሳየሁም። አሁን በዚህ ዕድሜዬ ምክንያት አላበጅለትም። ውኃ ስቀዳ የምቀመጥባት ድንጋይ እንዳትወሰድብኝ ነበር። ሴቶቹ «አወቅሽበት፤ ባትኖሪ ኖሮ በተረቱ ሲያታልለን ይኖር ነበር» ሲሉኝ አንገቴን እየነቀነቅሁ እሰማለሁ፤ ቋጠሮው ጎኔን ይወጋኛል።

ማክሰኞ አደይ ክፍሏን ለሌላ ሰው ሊሰጡ ሣጥኑንና ሰሌኑን አውጥተው ከአጥሩ ሥር አኖሩት። ከሰዓት በኋላ ሰማዩ ጠቆረና ዝናቡ ወረደ። በመስኮት ሳየው ሰሌኑ በጎርፍ እየተንሳፈፈ ወደ በሩ ይሄዳል። ሮጬ ወጣሁ። ሰሌኑን አንሥቼ ሣጥኑን እየጎተትኩ ወደ አደይ ቤት ስገባ «ምን ሆነሻል ጓለይ?» ብለው ጮኹ። ቋጠሮዬን ፈትቼ ስባሪውን መዳፋቸው ላይ አስቀመጥኩ። ሣጥኑን ከፍቼ መንጋጋውን አወጣሁና ከጥርሶቹ ከአንዱ ጎን ለጎን አሳየኋቸው።

«ከእግሩ ውስጥ ነው የወጣው። በዓይኔ አይቻለሁ።»

አደይ ወደ በሩ ብርሃን ወስደው አገላበጡት። ጠርዙን በጣታቸው ሞከሩት።

«መቼ ነው ያየሽው?»

«ዓርብ።»

«ዛሬ ማክሰኞ ነው» አሉ። ከዚያ ፊቴን እያዩ፣ ሳይቆጡ፣ «ዓሣውስ ቀምሶ ለቀቀው። ያልለቀቅሽው አንቺ ነሽ» አሉኝ።

አለቀስኩ። አደይ አላባበሉኝም። ዝናቡ ሲያባራ ነጠላቸውን ደርበው ሽማግሌው ቤት ይዘውኝ ሄዱ፤ ሁሉንም በራሴ አፍ እንድናገር አደረጉኝ። በስንጥቅ ማየቴንም፣ አምባዛውንም፣ አራት ቀን መደበቄንም ተናገርኩ። ሽማግሌው ስባሪውን አልነኩትም። ዓይናቸው እኔ ላይ ነው።

«ቅርፊት የሌለው ዓሣ እንዳለ ታውቂ ነበር?»

«አዎ አቦይ።»

«ለምን ዝም አልሽ?»

«ስለሰማችሁኝ» አልኩ።

ሽማግሌው ዘንጋቸውን መሬት ላይ ቧጠጥ ቧጠጥ አደረጉ። «እኛም እኮ ቆዳውን ዳስሱት ሲለን አልዳሰስንም» አሉ። በማግሥቱ ክሊኒኩ ድረስ ራሳቸው ሄደው ቤትህ ቤትህ ነው አሉት።

ተመልሶ መጣ። እግሩ ከበፊቱ ተሻለው፤ ማንከሱ ግን አልተወውም። ውኃ መቅጃው ላይ የነበረችኝ ቦታ እንደ ፈራሁት ሄደች፤ እንደገና የጸሐፊው ሚስት ሆንኩ። ክረምቱን ሙሉ ግመል ስለማይወጣ በሩ ላይ ተቀምጦ ገመድ ይገምዳል። እኔም እህል እየለቀምኩ ከፊት ለፊቱ እቀመጣለሁ። ይቅርታ ብጠይቀው «አልፏል» ብሎ መግመዱን ቀጠለ። ስለ ባሕሩ ስጠይቀው ግን ይናገራል።

ሰደፍ የሚባለውን፣ አዝራር የሚሠራበትን የባሕር ዛጎል ለመልቀም ትንፋሹን ይዞ ይጠልቅ እንደነበር ነገረኝ። ከልቢ ባሕሪን በየቀኑ ማለት ይቻላል ያያል፤ አብዛኛው ከሰው የሚያጥር፣ ዘወር ብሎ የሚሄድ ነው። ትልቁ ሲመጣ በአንዴ አይቀርብም። ራቅ ብሎ ይዞራል፣ ይሄዳል፣ ደግሞ ይመለሳል። «ፈሪ ነው» አለኝ። «ምን እንደሆንሽ እስኪያውቅ ይጠራጠራል። ከሸሸሽ ታዳኝ መሆንሽን አወቀ። ፊትሽን ሰጥተሽው ከቆምሽ ይሄዳል።»

«ታዲያ አንተን ለምን ያዘህ?»

«ጥፋቱ የእኔ ነው። የወጋሁትን ዓሣ ወገቤ ላይ አስሬ ነበር። ደሙን ከሩቅ ነው የሚያሸተው፤ የሚንፈራገጥ ዓሣ ሲኖርማ ጭራሽ ይሰማዋል። ውኃው ደፍርሷል። የእኔን እግር አልፈለገም። ሲነክሰኝ ዓሣ አለመሆኔን አወቀና ለቀቀ። ጓደኞቼ ጀልባችን፣ ሳምቡኩ ላይ ጎትተው አወጡኝ። መንጋጋው የሌላ ነው፤ በኋላ የያዝነው የእሱ ዓይነት።»

«አትጠላውም?»

ገመዱን በእግሩ ጣት ይዞ ወጠረው። «እኛ ከእነሱ ስንቱን ገደልን! ክንፉን ቆርጠን ለነጋዴ እንሰጣለን፤ በመርከብ ወደ ምሥራቅ አገር ይሄዳል። ጉበቱን ቀቅለን ዘይቱን ጀልባ እንቀባበታለን። ሥጋውን አድርቀን እንበላለን። እሱ በስንት ዓመት አንድ ሰው ቢነክስ ስሙ ጠፋ።»

አንድ ቀን እህሌን ይዤ ከጎኑ ባለው ጥላ ልቀመጥ ስል በርጩማውን አንሥቶ ዞረ፤ ፊቱን ወደ እኔ አደረገ። በማግሥቱም እንዲሁ አደረገ። ከዚያ ልብ ብዬ ሳየው ሁልጊዜም እንደዚያ ነው። ያወራኛል፣ አንዳንዴም ይስቃል፤ ጀርባውን ግን አንድም ቀን አልሰጠኝም። ለአደይና ለባለቤቴ እንዲያ አያደርግም። ባለቤቴማ ወዳጁ ሆኖ ነበር፤ ደብዳቤ ይጽፍለታል። ለምን እንደሆነ ልጠይቀው ብዙ ጊዜ አፌን ከፍቼ መልሼ ዘጋሁት። መልሱን አውቀዋለሁ።

መስከረም ጠብቶ መንገዱ ሲደርቅ ወንድሙ በአንድ ጨው ነጋዴ በኩል ላከበት። ሳምቡክ ገዝቷል፤ መጥለቅ ባይችልም መሪ ይዞ መንዳት ይችላልና ይምጣ የሚል መልእክት ነው። ደጋው ብርድም አልተስማማውም ነበር፤ ደስ አለው። ለአደይ አዲስ ገመድ ገምዶ ሰጣቸው፤ ለባለቤቴ ያን ቆዳ ሰጠው። መቼ እንደሚሄድ ግን ማንም አልነገረኝም፤ መኪና እስኪገኝ ነው ይሉ ነበር።

አንድ ሰኞ ከገበያ ስመለስ የክፍሏ በር ተከፍቶ አገኘሁት። ውስጡ ተጠርጓል። አደይ የታጠበ ገብስ መሬቱ ላይ እያሰጡ ነው።

«ሄደ?»

«አሁን ነው፤ መኪናው ቸኩሎ ነበር። ባልሽ ሸኘው።»

እቃዬን አስቀምጬ ገብሱን አብሬያቸው መበተን ጀመርኩ። ጥቂት ቆይቼ «ምን አለ ሲሄድ?» አልኳቸው።

«ለሁላችሁም ሰላም በሉልኝ አለ።»

«ለእኔ ለይቶስ?»

አደይ ቀና ብለው አዩኝ፤ የተረዱኝ መሰለኝ። «ለሁላችሁም ነው ያለው ጓለይ» አሉና ገብሱን በመዳፋቸው መሰብሰብና መበተን ቀጠሉ።

ማታ ባለቤቴን ጠየቅሁት። እሱም ያንኑ ነገረኝ። በዓመቱ ወደ ሌላ አገር ተዛወርን፤ ከዚያ ወዲህ ስለ ሰውየው የሰማሁት የለም። «ለሁላችሁም» ሲል እኔን ቆጥሮኝ ይሁን፣ ሳይቆጥረኝ ይሁን፣ እስከ ዛሬ አላወቅሁም።